ቁልቋል፣ ቅንጭብና የልጆቻችን ዓይን፦ የ2000 ዓመት ታሪክ ያለው ወተት

 

ዛሬ የማወራችሁ ስለ ደም ግፊት ወይም ስለ ስኳር አይደለም። በብዙዎቻችን አጥር ላይ ስለቆመ፣ በልጅነታችን ቅርንጫፉን ሰብረን ወተቱ ሲንጠባጠብ ስላየነው ተክል ነው። ጽሑፉ ትንሽ ረዘም ይላል፤ ታሪክም አለበት። እስከ መጨረሻው ብታነቡት ግን አንድ ቀን የአንድ ልጅ ዓይን ታተርፉበት ይሆናል።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ጤና ጣቢያ ስሠራ አንዲት እናት የ7 ዓመት ልጇን ይዛ በጠዋት መጣች። የልጁ ቀኝ ዓይን አብጧል፣ አይገለጥም፣ ብርሃን ሲነካው ይጮኻል። «ምን ገባበት?» አልኳት። «ኧረ ምንም፤ አድሮ ነው እንዲህ የሆነው» አለችኝ። የዓይን ማዝ ነው ብዬ ጠብታ ልጽፍለት እስክሪብቶ አንስቼ ነበር። አብረው የመጡት አያቱ ግን «ትናንት ኳሱ ቅንጭቡ ውስጥ ገብቶበት ሲያወጣ ወተቱ ተፈናጥሮበት የለም እንዴ?» አሉ።

እናትየው ደነገጠች። «እሱማ መድኃኒት አይደል እንዴ ዶክተር? እኛ ሰፈር ለኪንታሮት ይቀቡታል። ዓይን ይጎዳል ብዬ መች አሰብኩ!» አለችኝ። ማታ ልጁ ሲያለቅስ ከጎረቤት አራስ የጡት ወተት ለምና ጠብ አድርጋለት አስተኝታዋለች።

ዓይኑን በብዙ ውኃ አጥበን ወደ ዓይን ሐኪም ላክነው። ኮርኒያው፣ ማለትም የዓይኑ የፊት ግልጽ ሽፋን፣ ተልጦ ነበር። በክትትል ሁለት ሳምንት ገደማ ፈጅቶ ተመስገን ዳነ። እኔም ከዚያ ቀን ጀምሮ የቀላ ዓይን ሳይ «የአጥራችሁ ተክል ምንድን ነው?» ብዬ ሳልጠይቅ አልጽፍም።

የእናትየዋ ጥያቄ ግን ከእኔ ጋር ቀረ። «መድኃኒት አይደል እንዴ?» ሞኝ ጥያቄ እንዳይመስላችሁ። ታላላቅ የጥንት ሐኪሞች ይህንኑ ጠይቀው ተሳስተዋል።

መጀመሪያ እንተዋወቅ

ቁልቋልና ቅንጭብ ዩፎርቢያ የሚባል አንድ ትልቅ የዕፅዋት ወገን አባላት ናቸው። በዚህ ወገን ውስጥ ወደ 2000 የሚጠጉ ዝርያዎች አሉ። አንዳንዱ መሬት ላይ የሚበቅል ትንሽ አረም ነው፤ አንዳንዱ ደግሞ እንደ እኛ ቁልቋል ቅርንጫፎቹን እንደ መቅረዝ ወደ ላይ የዘረጋ ትልቅ ዛፍ ነው። በየበረንዳው በማሰሮ የምንተክላት፣ ቀይ አበባና ብዙ እሾህ ያላት የማዳጋስካር ተክልም የዚሁ ቤተሰብ ናት። አሜሪካና አውሮፓ ያላችሁ ደግሞ በአበባ መሸጫ ሱቆች «የእርሳስ ካክተስ» ተብሎ የሚሸጠውን ሳታዩት አትቀሩም። እሱ የእኛው ቅንጭብ ነው። ስሙ ያሳስታል እንጂ ካክተስ አይደለም።

ካክተስና ቁልቋል ዘመዳማቾች አይደሉም። የካክተስ አገሩ አሜሪካ ነው። በለስ የምንለውና ፍሬው የሚበላው ተክል ከዚያ በባሕር ተሻግሮ ስለመጣ የእኛ ሰው «የባሕር ቁልቋል» አለው፤ ባሕር ዛፍን ባሕር ዛፍ እንዳልነው ማለት ነው። ሁለቱም በድርቅ አገር ስለኖሩ ግንዳቸው ውኃ አጠራቃሚ ሆነ፤ በመልክም ተመሳሰሉ። ትልቁ ልዩነት ያለው ሲቆረጡ ነው፦ ዩፎርቢያ ወዲያው ነጭ ወተት ያፈሳል፤ አብዛኛው ካክተስ ወተት የለውም። ስለዚህ ልጆች «በለስ ይበላል፣ ቁልቋልም ይበላል» ብለው እንዳያምታቱት ንገሯቸው።

ወተቱ ለተክሉ አጥሩ ነው። በግንዱ ውስጥ በቀጫጭን ቱቦዎች ታምቆ ይቀመጣል፤ እንስሳ ሲነክሰው ወይም ሰው ሲቆርጠው ፈንጥሮ ይወጣል፣ አፍ ያቃጥላል፣ ሲደርቅም ቁስሉን ይደፍንለታል። ከተፈጠረበት ዓላማ አንዱ ነካኪውን ማባረር ነው።

የንጉሡ ሐኪም

«ዩፎርቢያ» የሚለው ስም የሐኪም ስም መሆኑን ታውቃላችሁ?

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ46 ዓመት የሰሜን አፍሪካዋ ኑሚዲያ ንጉሥ በዩልየስ ቄሣር ተሸነፈ። ሕፃን ልጁ ዩባ ተማርኮ ሮም ተወሰደ፤ በድል ሰልፉም ላይ ለሕዝብ ታየ። ልጁ እዚያው አድጎ ተማረ፤ ትልቅ ሊቅም ሆነ። በኋላ አውግስጦስ ቄሣር የዛሬዎቹን ሞሮኮንና የአልጄሪያን ክፍል በያዘችው በሞሪታንያ ላይ ዳግማዊ ዩባ ብሎ አነገሠው። ያገባትም የታዋቂዋን የግብፅ ንግሥት የክሊዮፓትራን ልጅ ነው።

በዚህ ንጉሥ ዘመን በአትላስ ተራሮች አንድ ወተታም፣ እሾሃማ ተክል ትኩረት ሳበ። ዩባ ስለ ተክሉ መጽሐፍ ጻፈ፤ ስሙንም በግሪካዊው ሐኪሙ በዩፎርቦስ ሰየመው። የዩፎርቦስ ወንድም አንቶንዮስ ሙሳ ደግሞ የአውግስጦስ ቄሣር ሐኪም ነበር። በ1753 (እ.ኤ.አ.) ስዊድናዊው ሊቅ ካርል ሊኔየስ ለዕፅዋት ስም ሲያወጣ መላውን ወገን «ዩፎርቢያ» ብሎ አጸደቀው። እንግዲህ አጥራችን ላይ ያለው ቅንጭብ የሁለት ሺህ ዓመት ሐኪም ስም ተሸክሞ ቆሟል ማለት ነው።

አሁን ወደ ዓይኑ ነገር እንምጣ። በመጀመሪያው መቶ ክፍለ ዘመን የኖረው ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒ ወተቱ እንዴት እንደሚሰበሰብ ይነግረናል። ሰብሳቢዎቹ ተክሉን የሚወጉት ከሩቅ ሆነው፣ በረጅም ዘንግ ነው፤ ወተቱንም ከሥሩ ባስቀመጡት የፍየል ግልገል ጨጓራ ይቀበሉታል። የሚያስደንቀው ይኸው ጸሐፊ አስከትሎ፣ ይህን የሚሰበስቡ ሰዎች ዓይናቸው አጥርቶ ያያል ማለቱ ነው!

በዚያው ዘመን የነበረው ግሪካዊው ሐኪም ዲዮስቆሪዴስም ሰብሳቢዎቹ ማቃጠሉን ፈርተው ከሩቅ በጦር እንደሚወጉት ጽፏል። ወተቱን ግን ዓይን ውስጥ ለሚፈጠር ግርዶሽ መድኃኒት አድርጎ አስቀመጠው። ቀኑን ሙሉ ስለሚያቃጥል ከማርና ከሌሎች የዓይን መድኃኒቶች ጋር ይቀላቀል ይላል። የእሱ መጽሐፍ ከአንድ ሺህ አምስት መቶ ዓመት በላይ በአውሮፓና በዓረቡ ዓለም የሐኪሞች መመሪያ ሆኖ አገልግሏል።

አስተውሉ፤ እነዚህ ሰዎች ወተቱ አደገኛ መሆኑን አልሳቱትም። ጦር ይዘው የሚቀርቡትን ነገር መልሰው የበሽተኛ ዓይን ውስጥ ያስገቡት «ይህን ያህል ኃይል ያለው ነገር በሽታን ማሸነፍ አያቅተውም» ብለው ስላሰቡ ነው። የእኛ እናት ጥያቄም፣ የኪንታሮት ቀቢዎቹም ሐሳብ ይኸው ነው፦ ካቃጠለ ይሠራል።

የደረቀው ወተት ለብዙ መቶ ዓመታት ከሞሮኮ እየተጫነ በአውሮፓ መድኃኒት ቤቶች ተሸጠ። ሆድ ለማስቀመጥ፣ ለማስነጠስ፣ ቆዳ ለማሳበጥ ይታዘዝ ነበር። የሚያሽጉትና የሚፈጩት ሠራተኞች አፍና አፍንጫቸውን በጨርቅ ያስሩ ነበር፤ ብናኙ ያለማቋረጥ ያስነጥሳልና፣ ዓይን ያቀላልና። ጉዳቱ ከጥቅሙ እንደሚበልጥ እየታወቀ ሲሄድ ለሰው መታዘዙ ቀረ።

ቁልቋል በእኛ አገር

የእኛን ቁልቋል ለአውሮፓ ሳይንስ ያስተዋወቀው ስኮትላንዳዊው መንገደኛ ጀምስ ብሩስ ነው። ጎንደር የደረሰው በ1770 (እ.ኤ.አ.) ሲሆን በ1790 ባሳተመው የጉዞ መጽሐፉ ቁልቋልን በእኛው ስም ጠርቶ፣ ሥዕሉን አስሎ አወጣው። በጎራዴው ሁለት ቅርንጫፍ ቢቆርጥ ወተቱ በብዙ መጠን እንደፈሰሰ፣ ጎራዴውን ወዲያው ቢያጥበውም የተወው ምልክት እንዳልለቀቀ ጽፏል። የአገሬው ሰው ወተቱን ቆዳ ለማልፋት እንደሚጠቀምበትም መዝግቧል። በቀጣዩ ዓመት በ1791 ጀርመናዊው ግመሊን ተክሉን በሳይንሳዊ ስሙ «ዩፎርቢያ አቢሲኒካ» ብሎ ሰየመው፤ የአቢሲኒያ ዩፎርቢያ ማለት ነው።

የቆዳ ማልፋቱን ነገር አንድ አፍታ አስቡት። አባቶቻችን ይህን ወተት የሞተ በሬ ቆዳ ለማዘጋጀት ከተጠቀሙበት፣ በሕያው ሕፃን ቆዳ ላይ ሲቀባ ምን እንደሚያደርግ መገመት አያዳግትም።

ይሁን እንጂ ከዘመን ዘመን ሲወርድ በመጣው የባህል ሕክምናችን ወተቱ ለኪንታሮት፣ ለጭርት፣ ለቁንጭር ይቀባል፤ በአንዳንድ ቦታም ሆድ ለማጠብ ይጠጣል። የባህል ሕክምናን ለማንቋሸሽ አልጽፍም። አያቶቻችን ወተቱ ኃይል እንዳለው በትክክል አይተዋል። የጎደላቸው ኃይሉን መጥኖ የሚሰጥ ሚዛን ነው። የአንዱ ቅርንጫፍ ወተት ከሌላው፣ የበጋው ከክረምቱ እኩል እንዲሆን አትጠብቁ። ጠብታው የት እንደሚቆምም ማንም አያዝዘውም።

እዚህ ላይ የቋንቋችን አንድ ወጥመድ አለ። «ኪንታሮት» ስንል በእጅ ላይ የሚወጣውንም፣ በፊንጢጣ የሚወጣውንም ማለታችን ነው። ሁለቱ ፈጽሞ የተለያዩ ሕመሞች ናቸው፤ የመጀመሪያውን ቫይረስ ያመጣዋል፣ ሁለተኛው ያበጠ የደም ሥር ነው። «ለኪንታሮት ይሆናል» የተባለ የሚያቃጥል ወተት በስህተት ስስ አካል ላይ ሲደረግ የሚያመጣውን ቁስል ገምቱት።

ሳይንስ ምን አገኘ?

ታሪኩ በዚህ አያበቃም። በ1975 (እ.ኤ.አ.) ተመራማሪዎች ከዚያው ከዩባ ተክል፣ ከሞሮኮው ዩፎርቢያ፣ ሬሲኒፈራቶክሲን የተባለውን የሚያቃጥል ንጥረ ነገር ለይተው አወጡ። ይህ ነገር በርበሬን የሚያቃጥል ከሚያደርገው ካፕሳይሲን እጅግ ብዙ ጊዜ ይበረታል። ሁለቱም የሚይዙት በነርቮቻችን ጫፍ ላይ ያለን አንድ በር ነው፤ ይህ በር እውነተኛ ትኩሳት ሲነካን የሚከፈተው ነው። ስለዚህ ወተቱ ሲነካችሁ አንጎላችሁ «እሳት!» ብሎ ይጮኻል። በሩን በ1997 ያገኘው ቡድን መሪ ዴቪድ ጁሊየስ በ2021 የሕክምና ኖቤል ሽልማት ተጋርቷል።

ተመራማሪዎች አሁን ይህን ንጥረ ነገር እጅግ በጥቂት መጠን በመርፌ በመስጠት የካንሰር ሕመምተኞችን ከባድ ሥቃይ ለማስታገስ እየሞከሩት ነው። ያ በር ያላቸውን ነርቮች ብቻ መርጦ ሥራ ያስፈታል። ተስፋ ሰጪ ነው፤ ገና ግን በሙከራ ላይ ነው።

ሌላም ትምህርት አለ። ከአንዲት ትንሽ የዩፎርቢያ አረም ወተት የተሠራ የቆዳ ቅባት በ2012 በአሜሪካ ተፈቅዶ ነበር፤ ፀሐይ ያበላሸውን ወደ ካንሰር ሊያመራ የሚችል ቆዳ ለማከም ነው። በቤተ ሙከራ የተጣራ፣ መጠኑ የታወቀ፣ በሐኪም የሚታዘዝ መድኃኒት ነበር። ሆኖም በ2020 በአውሮፓ ታገደ፤ በተቀቡት ሰዎች ላይ የቆዳ ካንሰር ሊያበዛ ይችላል የሚል ስጋት ስለተነሣ ነው። ተጣርቶና ተመዝኖ እንኳ እንዲህ ካስቸገረ፣ ከአጥር ተቆርጦ በቀጥታ የሚቀባው ምን ሊያደርግ እንደሚችል እናንተ ፍረዱ።

ቅንጭብንም በተመለከተ በቤተ ሙከራ የታየ ነገር አለ፦ ወተቱ ኤፕስታይን ባር የተባለውን ቫይረስ ከተኛበት ሊያነቃ ይችላል። ይህ ቫይረስ ከወባ ጋር ሆኖ በአፍሪካ ሕፃናት መንጋጋ ላይ ከሚወጣው የበርኪት ዕጢ ጋር የተያያዘ ስለሆነ፣ ቅንጭብ አጋዥ ይሆን እንዴ ብለው የጠየቁ ተመራማሪዎች አሉ። ጥያቄው አልተዘጋም። ቅንጭብ አጥር ያለው ሁሉ አይደንግጥ፤ በአጥሩ አጠገብ መኖርና ወተቱን ደጋግሞ ሰውነት ላይ ማድረግ አንድ አይደሉም። ልጆች እንዳይጫወቱበት፣ እንዳይቀቡት፣ እንዳይጠጡት ማድረግ ግን ብልህነት ነው።

ታዲያ እንንቀለው?

አይደለም። ቁልቋልና ቅንጭብ ውኃ ሳይጠይቁ አጥር ይሆናሉ፤ አፈር ይይዛሉ፤ ከብት አይደፍራቸውም። በማሰሮ ለሚተክልም እንደ እነሱ ታጋሽ የለም። ዝም ብላችሁ ብቻ ጠባያቸውን እወቁ።

• ፀሐይ ይወዳሉ፤ ውኃ የሚያሳልፍ አሸዋማ አፈር ይፈልጋሉ። የሚገድላቸው ጥማት ሳይሆን ውኃ ማብዛት ነው። አፈሩ ሳይደርቅ ደግማችሁ አታጠጡ፤ ማሰሮውም ከሥሩ ቀዳዳ ይኑረው።
• ቆርጣችሁ ለመትከል ከፈለጋችሁ ቁርጡን ውኃ ውስጥ ነከር አድርጉት፤ ወተቱ ይቆማል። ከዚያ ጥላ ሥር አንድ ሳምንት ገደማ አድርቃችሁ ትከሉት።
• ስትቆርጡ ጓንት፣ ረጅም እጅጌና መነጽር አድርጉ። ነፋሱ ወደ እናንተ እንዳይሆን ዙሩ። ልጆችን አርቁ። ሳትታጠቡ ዓይናችሁን አትንኩ። እርጥቡን ቅርንጫፍ አታቃጥሉ፤ ጭሱም ዓይንና ደረት ይቆጣል።
• ማሰሮው በሕፃን ቁመት ላይ አይቀመጥ።

ወተቱ ዓይን ከገባ

1. ወዲያውኑ በንጹሕ ውኃ እጠቡ። «ሐኪም ቤት እስክንደርስ» አትበሉ። ትልቁ ሕክምና እናንተ ቤት ያለው ውኃ ነው።
2. ልጁን በጋቢ ወይም በፎጣ ጠቅልሉት፣ የተጎዳው ዓይን ወደ ታች እንዲሆን ጭንቅላቱን አዘንብሉ፣ ሽፋሽፍቱን ከፈት አድርጋችሁ በጆግ ቀስ እያላችሁ ከአፍንጫው በኩል ወደ ጆሮው አፍስሱ። ቢያንስ 15 ደቂቃ፣ ቢቻል 20። ያለቅሳል፤ እናንተ አታቁሙ።
3. እጁንና ፊቱን በሳሙናና በውኃ እጠቡ፤ አለበለዚያ መልሶ ያሸዋል።
4. የጡት ወተት፣ የላም ወተት፣ ቅቤ፣ ማር፣ ቅጠል አታድርጉ። ቤት የተረፈ የዓይን ጠብታም አትጠቀሙ፤ አንዳንዱ ሊያባብሰው ይችላል።
5. የተሻለው ቢመስልም ሐኪም ቤት ውሰዱት። ይህ ጉዳት ተንኮለኛ ነው፤ ማታ ቀለል ብሎ በማግስቱ ሊብስ ይችላል። በጊዜ የታከመ አብዛኛውን ጊዜ ሙሉ በሙሉ ይድናል፤ የቆየ ግን ጠባሳ ሊተው ይችላል።
6. ለሐኪሙ የተክሉን ስም ንገሩት፤ ስሙን ካላወቃችሁ በስልክ ፎቶ አንሱት።

ከዋጠው አታስመልሱት። አፉን አጉመጥምጡት፣ ትንሽ ውኃ አጠጡትና ሐኪም ቤት ሂዱ።

ለእናትየዋ ጥያቄ ያን ቀን በቂ መልስ አልሰጠኋትም፤ ችኮላ ላይ ነበርን። ዛሬ ብታገኘኝ እንዲህ እላታለሁ፦ «እህቴ፣ ጥያቄሽ ትክክል ነው። ወተቱ ውስጥ መድኃኒት አለ። ግን ከዩባ ዘመን ጀምሮ ሊቃውንት ሁለት ሺህ ዓመት ፈልገውት እስካሁን ከመርዙ ለይተው አልጨረሱም። እነሱ እስኪጨርሱ እኛ አጥር እናድርገው።»

ታሞ ከመማቀቅ አስቀድሞ መጠንቀቅ ነውና ዛሬ ማታ ልጆቻችሁን ይዛችሁ ወደ አጥሩ ውጡ። ተክሉን አሳዩአቸው፣ ስሙን ንገሯቸው፣ «ወተቱ አይነካም፤ ከነካችሁ ሮጣችሁ ወደ ውኃ» በሏቸው።

ይህ ጽሑፍ ለግንዛቤ እንጂ ምርመራን አይተካም። ቅንጭብ አጥር ላለው ጎረቤታችሁ አጋሩት።

ጤናችሁ ይብዛልኝ!